ጫጉላውና ሽርሽሩ፦ የትኛው ይቅደም?



ከጥቂት ጊዜ በፊት በደብረ ብርሃን ከተማ፣ ከጁሙዓ ሶላት በኋላ አንድ ወጣት ወንድም ወደኔ ቀረበና «አንድ ነገር ላማክርዎት» አለኝ። ሠርጉ ሊደርስ ሁለት ወር ያህል ቀርቶታል። እሱ በከተማው በአንድ ፋብሪካ ተቀጥሮ የሚሠራ ሲሆን የልጅቷ ቤተሰቦች ደግሞ ከአንኮበር ቁልቁል አልዩ አምባ አካባቢ የሚኖሩ ናቸው። ሠርጉ እሑድ ውሎ ሰኞ ማለዳ ሙሽሪትን ይዞ ወደ ሐዋሳ ሊጓዝ አስቧል። ለሆቴሉም ቀብድ ከፍሏል። የልጅቷ እናት ግን ይህን በሰሙ ጊዜ አለቀሱ። «መልሷን ሳልደግስ፣ ዘመድ ሳያያት፣ ወዴት ነው የምትሄድብኝ?» አሉ። ወጣቱ ተጨነቀ። ጥያቄውም «በእኛ በሙስሊሞች ዘንድ የጫጉላ ሽርሽር ጊዜው መቼ ነው? በማግስቱ ነው ወይስ ቆይቶ?» የሚል ነበር።

ከመመለሴ በፊት እኔም አንድ ነገር ጠየቅኩት። «መህሩን ሰጥተሃታል?» አልኩት። «እሱን እንኳ ከሠርጉ በኋላ ቀስ ብዬ እሰጣታለሁ ብዬ ነው» አለኝ። እንግዲህ የሆቴሉ ቀብድ ተከፍሏል፤ የሙሽሪት ሐቅ ግን ለወደፊት ተቀጥሯል። ዛሬ በዚህ ገጽ የምንመለከተው ይህንኑ ጉዳይ ነው፤ ብዙዎቻችን የምንገባበት ነውና።

ጫጉላ ማለት ምን ማለት ነው?

በመጀመሪያ ሁለት የተቀላቀሉ ነገሮችን መለየት ያስፈልጋል። ጫጉላ በአገራችን ከጥንት የነበረ ነው። ለሙሽሮች ተለይቶ የሚዘጋጅ ጎጆ ወይም ክፍል ነው፤ በውስጡም የሚያሳልፉት ጊዜ በዚሁ ስም ይጠራል። ሙሽሪት ከሥራ ታርፋለች። ሚዜዎች ይላላካሉ። ሁለቱ ሰዎች ይተዋወቃሉ፤ ይለማመዳሉ። ይህ ሁሉ ሲሆን ከመንደር መውጣት አልነበረም።

ሽርሽሩ ግን ከሩቅ የመጣ ነው። በአውሮፓ በተለይም በእንግሊዝ በ19ኛው መቶ ዘመን ሀብት የነበራቸው ቤተሰቦች ልጆቻቸውን ሲድሩ ሙሽሮቹ ረዥም ጉዞ ያደርጉ ነበር። የሚገርመው ነገር የጉዞው አንዱ ዋና ምክንያት በሠርጉ ላይ መገኘት ያልቻሉ ዘመዶችን መጠየቅ መሆኑ ነው። ከዘመድ ርቆ ለብቻ መሆን የሚለው ሐሳብ ጎልቶ የወጣው ቆየት ብሎ ነው። በዐረብኛም «የማር ወር» የሚል ስያሜ አግኝቶ በሙስሊሙ ዓለም ተለምዷል። ወደኛም አገር ሲገባ «ሽርሽር» የሚል ቃል ተቀጥሎለት የጫጉላን ስም ወረሰ። ስሙን ስለወረሰ ግን ብዙ ወጣቶች ካልተጓዙ ጫጉላ የሌላቸው ይመስላቸዋል። በማግስቱ ካልሄዱ ደግሞ ጊዜው ያለፈባቸው ይመስላቸዋል። ስህተቱ የሚጀምረው ከዚህ ነው። ጫጉላው ጊዜ አለው፤ ሽርሽሩ ግን ሊቆይ ይችላል።

ከነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ሕይወት ምን እንማራለን?

በሸሪዓ ሙሽሮች ከሠርጋቸው ቀጥሎ ይጓዙ ወይም አይጓዙ የሚል ትእዛዝ የለም። ጉዞው ከሐራም ነገር የጸዳ እስከሆነ ድረስ የተፈቀደ ነው። ይሁን እንጂ ለጊዜው አወሳሰን የሚጠቅሙን ሦስት ታሪኮች አሉ።

አንደኛው አነስ (ረ.ዐ.) የዘገቡት ነው። ሌላ ሚስት ያለው ሰው ድንግል ሲያገባ ከአዲሷ ሙሽራ ዘንድ 7 ቀን፣ አግብታ የነበረችን ሲያገባ ደግሞ 3 ቀን ይቆያል፤ ከዚያ በኋላ ተራውን ያስተካክላል። ድንጋጌው የመጣው ከአንድ በላይ ሚስት ስላለው ሰው ነው። ቁም ነገሩ ግን ለሁላችን ይሆናል። ከአባቷ ቤት ወጥታ ወደማታውቀው ቤት የገባች ልጅ እስክትላመድ ድረስ ያልተሻማባት የጥቂት ቀናት ጊዜ ሐቋ ነው ማለት ነው። እነዚህ ቀናት በደብረ ብርሃን በአንዲት ክፍል ኪራይ ቤት ውስጥም ሊያልፉ ይችላሉ። ባልየው በዚህ ሰበብ ጁሙዓን አይተውም፤ ሱቅና ገበያውን ግን ሊተው ይችላል።

ሁለተኛው የእናታችን የሶፊያ (ረ.ዐ.) ጋብቻ ነው። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) በ7ኛው ዓመተ ሒጅራ ከኸይበር ሲመለሱ በመንገድ ላይ ሦስት ቀን ሰፍረው ጋብቻቸውን ፈጸሙ። የወሊማው ድግስ ተምር፣ የደረቀ እርጎና ቅቤ ነበር። ሥጋም ዳቦም አልነበረበትም። ከዚህ የምንረዳው ጫጉላ በጉዞ ላይ ቢሆን ነውር እንደሌለበት ነው። ወጪው መብዛት እንደሌለበትም እንረዳለን።

ሦስተኛው የእናታችን የዘይነብ (ረ.ዐ.) ወሊማ ነው። ተጋባዦች በልተው ከጨረሱ በኋላ አንዳንዶቹ ወግ ይዘው ተቀመጡ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ተነሡ ይላቸው ዘንድ አፈሩ። አላህ (ሱ.ወ.) በሱረቱል አሕዛብ 53ኛው አንቀጽ ተጋባዦች ከበሉ በኋላ እንዲበተኑ ሥርዓት አስተማረ። ይህ ትምህርት ለዘመዶች ነው። ሙሽሮች ርቀው እንዲሄዱ የሚያስገድዳቸው ብዙ ጊዜ የኛው የማይበተን ጉባኤ ነው። ቤታቸው ፋታ ቢያገኝ ኖሮ በማግስቱ ባልሸሹ ነበር።

መጀመሪያ የሚታየው ዕዳ ነው

ወደ ወንድማችን ጉዳይ እንመለስ። መህር ስጦታ አይደለም፤ የሙሽሪት ሐቅ ነው። በስምምነት ቢዘገይ ይፈቀዳል። ነገር ግን የዘገየው መህር ዕዳ ነው፤ ባልየው ቢሞት እንኳ ከውርሱ ይከፈላል። እንግዲህ ዕዳ ያለበት ሰው ገንዘብ ሲያገኝ ማንን ያስቀድማል? ባለሆቴሉን ወይስ የምሥክሮች ቃል የተሰጠባትን ሚስቱን?

መህሩ ብቻ አይደለም። በዛሬው ኑሮ አንድ ወጣት ለሠርግ ሲል ከእቁብ ይወስዳል፤ ከጓደኛ ይበደራል። ድግሱ ባለፈ በሳምንቱ አበዳሪው መደወል ይጀምራል። ስልኩ በሐይቅ ዳር ሲጮህ ሽርሽሩ ምን ይጥማል? ሙሽሪትም የባሏን ፊት ስትመለከት ጭንቀቱን ታያለች፤ ምክንያቱን ግን አታውቅም። የመጀመሪያው ጥርጣሬ በትዳር ውስጥ የሚገባው በዚህ መንገድ ነው። ስለዚህ መለኪያችን እንዲህ ይሁን፦ ሽርሽሩ የሚደረገው መህሩ ከተከፈለ ወይም በግልጽ ከተቀጠረ በኋላ፣ በብድር ሳይሆን በተጠራቀመ ገንዘብ ነው። ይህ ስድስት ወር ቢፈጅ ይፍጅ። ፍቅር በስድስት ወር አይሻግትም።

ሁለተኛው የቀን መቁጠሪያ ነው

በሰሜን ሸዋ እንደሌላው የአገራችን ክፍል ሁሉ ሠርግ የሚበዛው በጥርና በየካቲት ነው። ምርት ተሰብስቧል፤ ዝናብ የለም፤ ሰው እፎይ ብሏል። የሒጅራ ዓመት ግን ከኛ ዓመት በ11 ቀን ገደማ ስለሚያንስ ረመዳን ወቅቶችን ሁሉ በ33 ዓመት ገደማ ይዞራል። ዕድሜያችን የገፋ ሰዎች እናስታውሳለን፤ በ1990 ዓ.ም. ረመዳን በታኅሣሥ መጨረሻ ገብቶ ዒድ አል-ፈጥር የዋለው በጥር ነበር። በ2010 ዓ.ም. ወደ ግንቦት ሄደ። በ2018 ዓ.ም. በየካቲት ገባ። በስሌት ሲታይ በ2020 እና በ2021 ዓ.ም. በጥር ውስጥ፣ በ2022 ዓ.ም. ደግሞ በታኅሣሥ መጨረሻ ይገባል ተብሎ ይጠበቃል። ትክክለኛው ቀን እንደ ጨረቃዋ መታየት ነው። ባጭሩ በሚቀጥሉት ዓመታት የሠርግ ወራችንና የጾም ወራችን አንድ ላይ ይወድቃሉ። ዛሬ የታጩ ልጆች ይህን ካሁኑ ማሰብ አለባቸው።

ለምን ቢባል፣ ረመዳን ሊገባ ሦስት ቀን ሲቀረው የሚያገቡ ሙሽሮች ጫጉላቸው በጾም ላይ ይወድቃል። ሌሊቱ ተፈቅዷል። በቀን ግን ባልና ሚስት ቢገናኙ ጾሙ መበላሸቱ ሳያንስ ከባድ ከፋራ አለበት፤ ባሪያ ነጻ የሚያወጣ በሌለበት በዚህ ዘመን 60 ቀን ተከታትሎ መጾም፣ ያን ያልቻለ 60 ድሆችን ማብላት ነው። አዲስ ሙሽሮችን ሆቴል ክፍል ውስጥ አስቀምጦ «ቻሉ» ማለት ፈተና ነው።

አንዳንዱ ደግሞ «እንጓዛለን፤ ለመንገደኛ ጾም መፍታት ተፈቅዷል» ይላል። ይህን በጥንቃቄ እንየው። በአካባቢያችን በሰፊው በሚታወቀው የሻፊዒይ መዝሀብ ሶላት የሚያሳጥርና ጾም የሚያስፈታ ጉዞ ከ80 ኪሎ ሜትር ያላነሰ ነው። ከአዲስ አበባ ደብረ ብርሃን 130 ኪሎ ሜትር ስለሆነ ይደርሳል። ከደብረ ብርሃን አንኮበር ግን 40 ኪሎ ሜትር ያህል ስለሆነ አይደርስም። በተጨማሪም የደረሰበትና የሚነሣበት ቀን ሳይቆጠር አራት ቀን ለመቀመጥ ያሰበ ሰው እዚያው ነዋሪ ይባላል፤ ይጾማል፤ ሶላቱንም ሙሉ ይሰግዳል። ከዚህ ሁሉ በላይ ጾም ለመፍታት ብሎ መጓዝ ዑለማኦች የሚያወግዙት ማታለል ነው።

ታዲያ መቼ ይሻላል? ሸዋል ጥሩ ወር ነው። ዐረቦች ከእስልምና በፊት በሸዋል ማግባትን እንደ መጥፎ ገድ ይቆጥሩት ነበር። እናታችን ዓኢሻ (ረ.ዐ.) ግን ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ያገቧቸውም ወደ ቤታቸው ያስገቧቸውም በሸዋል መሆኑን በኩራት ይናገሩ ነበር። ስለዚህ በረመዳን ዋዜማ ከመጣደፍ ይልቅ ዒዱን አክብሮ በሸዋል ማግባት፣ ወይም ቀደም ብሎ አግብቶ ሽርሽሩን ለሸዋል ማቆየት የተሻለ ነው። ከዚህ በተረፈ «ይህ ወር ገደቢስ ነው፤ ያኛው ቀን አይሆንም» የሚል ሟርት በዲናችን ቦታ የለውም።

ሦስተኛው የሥራ ፈቃድ ነው

ተቀጥሮ የሚሠራ ሰው ጊዜው የራሱ ብቻ አይደለም። በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት ሠራተኛ ሕጋዊ ጋብቻ ሲፈጽም ደመወዝ የሚከፈልበት የ3 የሥራ ቀናት ፈቃድ አለው። አንድ ዓመት ያገለገለ ደግሞ 16 የሥራ ቀናት የዓመት ፈቃድ ያገኛል፤ አገልግሎቱ ሲጨምርም ይጨምራል። የመንግሥት ሠራተኞች በሌላ ሕግ ይተዳደራሉ።

ሦስቱ ቀን ለሐዋሳ አይበቃም፤ ሁለቱ በመንገድ ያልቃሉ። ለቤት ጫጉላ ግን ይበቃል። የዓመት ፈቃዱን ከሠርጉ ዝግጅት ጋር ጨርሶ ለሽርሽሩ የሐሰት የሕመም ወረቀት የሚያመጣ ወንድም እንዳለ ሰምተናል። ትዳርን በሐሰት ወረቀት መጀመር በረካውን ያስነሳል። ፈቃዱን ከፍሎ፣ ጥቂቱን ለሠርጉ፣ የቀረውን ለኋላ ማቆየት ይቻላል።

አራተኛው አየርና መንገድ ነው

የኛ አገር ደጋ ነው። ደብረ ብርሃን ከባሕር ወለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ተቀምጣለች። በኅዳርና በታኅሣሥ ሌሊቱ ውርጭ ነው። ከተማይቱ በብርድ ልብስ ፋብሪካዋ መታወቋ ያለ ምክንያት አይደለም! በሐምሌና በነሐሴ ደግሞ በአንኮበርና በጣርማ በር በኩል ጭጋጉ መንገድ ይሸፍናል፤ ቁልቁለቱም ያዳልጣል። መስከረም መጨረሻና ጥቅምት ግን ዝናቡ አባርቶ፣ መስኩ አብቦ፣ አየሩ ጠርቶ የሚገኝበት ጊዜ ነው። የገበሬ ልጅ ለሆነ ሙሽራም አጨዳው ገና ስላልደረሰ ይመቻል።

ስለ ጸጥታውም ዝም ማለት አይገባም። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በክልላችን በተነሣው ግጭት ሳቢያ መንገድ የተዘጋባቸው፣ መንገደኛም የተጉላላባቸው ጊዜያት ብዙ ናቸው። ስለዚህ ቀን ከመቁረጥ በፊት የመንገዱን ሁኔታ በዚያው ሳምንት ከተጓዘ ሰው መጠየቅ ግዴታ ነው። ለመዝናናት ብሎ ነፍስን ለአደጋ ማጋለጥ አይፈቀድም። መንገዱ ካልተመቸ ሽርሽሩ ይቆያል፤ ምንም የሚጎድል ነገር የለም።

መንገዱ ሰላም ሲሆን ደግሞ ሩቅ መሄድ ለምን አስፈለገ? አንኮበር የሸዋ ነገሥታት መናገሻ የነበረች ናት። የአፄ ምኒልክ ቤተ መንግሥት በነበረበት ኮረብታ ላይ ዛሬ በጥንቱ አሠራር የተሠራ ሎጅ አለ፤ ከዚያ ላይ ሆኖ ቁልቁል የአፋርን ቆላ መመልከት ይቻላል። ከሥሩ ያለችው አልዩ አምባ በ19ኛው መቶ ዘመን ከባሕር በር የሚመጣው ቅፍለት የሚያርፍባት የሙስሊም ነጋዴዎች ገበያ ነበረች። በ1840ዎቹ መጀመሪያ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ወደ ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ የተላከው የእንግሊዝ መልእክተኛም ያለፈው በዚያ ነው። በአንኮበርና በጣርማ በር መካከል የወፍ ዋሻ ደን አለ። በመንዝ ደግሞ ሕዝቡ ለብዙ ትውልድ ያቆየው ጓሳ አለ፤ ጭላዳውም እዚያው ነው። የሐዋሳን ሐይቅ አላጣጥልም። ነገር ግን የአያቶቹን አገር ሳያይ የሰው አገር የሚያይ ሙሽራ ምን ይባላል?

አምስተኛው ዘመድ ነው

የልጅቷን እናት እንባ አንርሳ። መልስ ማለት ሴት ልጅ ከተዳረች በኋላ ወደ ወላጆቿ ቤት ከባሏ ጋር በክብር የምትመለስበት ቀን ነው። እናትየው ልጃቸውን የሚያዩት፣ ደኅና መሆኗን ከፊቷ የሚያነቡት በዚያን ቀን ነው። ልማድ ነው እንጂ ፈርድ አይደለም። ዝምድናን መቀጠል ግን ከዲናችን ትላልቅ ትእዛዛት አንዱ ነው። በሌላ በኩል ዘመድም በዘይነብ ወሊማ የተማርነውን ሥርዓት ይጠብቅ። መልሱ አንድ ቀን ይሁን፤ ሦስት ድግስ አይሁን። በመልሱ ሰበብ ሙሽሮችን ሌላ ዕዳ ውስጥ መክተት ደግ ሥራ አይደለም።

እንግዲህ ለወንድማችን ያልኩት ይህን ነው። «ሰኞ፣ ማክሰኞና ረቡዕ ፈቃድህ ነው፤ ቤትህን ዝጋና ከሙሽራህ ጋር ተቀመጥ። ያ ነው ጫጉላህ። በሳምንቱ ቅዳሜ መንገዱ ሰላም ከሆነ ወደ አልዩ አምባ ለመልስ ውረዱ። እናቷን ደስ አሰኝ፤ ስትመለሱ አንኮበር ላይ አንድ ሌሊት እደሩ። ከዚያ መህሯን ክፈል። የቀረውን ፈቃድህን ለጥቅምት አስቀምጥ። ሆቴሉ ቀኑን ያዛውርልህ እንደሆነ ጠይቅ፤ ሐዋሳም ያኔ ትደርሳለህ፤ ኢንሻ አላህ።»

ወጣቱ ደስ ብሎት ሊሄድ ሲል «ለመሆኑ እሷስ ምን ትላለች?» አልኩት። ቆም አለና «እሷን እንኳ አልጠየቅኳትም። ሳላስበው ላስደንቃት ብዬ ነው» አለ።

ወንድሞችና እህቶች! ምክሬ ሁሉ ከዚህ ጥያቄ በኋላ መምጣት ነበረበት። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) እናታችን ኡሙ ሰለማን (ረ.ዐ.) ባገቡ ጊዜ ሦስት ቀን ከቆዩ በኋላ ምርጫውን ለሷ ሰጡ። ከፈለገች 7 ቀን ሊያደርጉላት፣ ግን ለሌሎቹም ሚስቶች እንዲሁ ሊያደርጉ፣ ወይም በሦስቱ ሊበቃ። እሷም ሦስቱን መረጠች። የጫጉላውን ርዝመት እንኳ ሙሽራዋን ጠይቀው ከወሰኑ፣ እኛ የሽርሽሩን ቀን ሳንጠይቅ የምንቆርጠው በምን ሥልጣናችን ነው? ምናልባት እሷ የምትፈልገው ሐይቅ ላይሆን ይችላል። ምናልባት ሦስት ቀን እንቅልፍ ነው የምትፈልገው። ምናልባት መህሯን ነው።

ወጣቱ «ዛሬውኑ እደውልላታለሁ» ብሎኝ ሄደ። የታጨ ሁሉ እንዲሁ ያድርግ።

ወላሁ አዕለም።